ክሩ የቆመበት

ከሪማ ሰው ሳህኗ ውስጥ እጁን ሲከት አይታ ዝም የምትል ሴት አይደለችም። ስለዚህ ማክሰኞ ጠዋት ቴሌቪዥኗን ከፍታ፣ ድራማው ትናንት ከተወችበት አልፎ ሄዶ ስታገኘው፣ መጀመሪያ ያደረገችው ነገር ሪሞቱን አስቀምጣ ቤቱን መፈተሽ ነበር።

ትናንት ያቆመችው ታናሺቱ እህት ደብዳቤውን ከሣጥኑ ሥር ልታወጣ እጇን ስትዘረጋ ነው። ለዚህ ቁርኣን ትመታለች። ዛሬ ግን ደብዳቤው ወጥቶ፣ ተነብቦ አልቆ፣ አማትየዋ ራሷን ስታ ሶፋው ላይ ተዘርራለች። ከሪማ መኝታ ቤቱን አየች፣ ሽንት ቤቱን አየች፣ በረንዳውንም አየች። ላንቻ ሦስተኛ ፎቅ ላይ ያለ ቤት፣ በሩ ከውስጥ ተቆልፎ፣ ማን ገብቶ ድራማ ያያል? ልጇ ሙስዐብ እንደሆነ በጠዋት ወጥቶ ማታ ነው የሚገባው፤ ገብቶም ከኳስ በቀር የሚያየው የለም።

«ሌባ ቢሆን ቴሌቪዥኑን ነቅሎ ይሄዳል እንጂ ተቀምጦ አያይም» አለች ለራሷ።

ቴሌቪዥኑን የገዛላት ሙስዐብ ነው። ካዛንቺስ የነበረው ቤታቸው ለልማት ፈርሶ ላንቻ ከገቡ ወዲህ፣ እናቱ መስኮት ሥር ተቀምጣ የማታውቀውን መንገደኛ ሁሉ ስታማ መዋሏ አሳስቦት፣ ስማርት የሚሉትን ዓይነት አምጥቶ ግድግዳው ላይ ሰቀለላት። እሷ የምትወደው፣ ቱርኮቹ ባማርኛ የሚናገሩበት ድራማ ግን ከቴሌቪዥኑ ጋር አብሮ የሚመጣ አይደለም። ለገሃር ጦይብ የሚባል ቴሌቪዥን ጠጋኝ አለ፤ እሱ ነው በፍላሽ አምጥቶ አንድ አፕ የጫነበት። ምልክቱ ብርቱካናማ መስኮት ነው። ከሪማ ብርቱካኑን ትጫናለች፣ የሁለቱን እህትማማቾች ፊት ትፈልጋለች፣ የመሐሉን ቁልፍ ትጫናለች፣ በቃ። ፊደል አልቆጠረችም፤ ባለመቁጠሯም ማንንም ይቅርታ ጠይቃ አታውቅም። ካዛንቺስ ሠላሳ ዓመት አቡጀዴና ሻሽ ስትሸጥ፣ በጣቷ ለክታ የሰጠችው ጨርቅ አንድ ቀን አጥሮ አልተመለሰባትም። ሜትር ይዘው የሚሳሳቱ የተማሩ ሰዎች ግን ሞልተዋል።

ሻርፗን አጥብቃ፣ ሪሞቱን በላስቲክ ጠቅልላ ቦርሳዋ ውስጥ ከታ፣ በታክሲ ለገሃር ወረደች።

ጦይብን ሆዱ የተከፈተ ቴሌቪዥን ላይ ጎንበስ ብሎ አገኘችው።

«እናቴ፣ በሰላም ነው?»

«በሰላም ቢሆን አንተ ዘንድ ምን እሠራለሁ። ድራማዬን ሰው እየበላብኝ ነው።»

«እንዴት አድርጎ?»

«እኔ ከተውኩት አልፎ ያድራል። እንካ።» ሪሞቱን ባንኮኒው ላይ አኖረችለት።

ጦይብ ሪሞቱን አየ፣ ከኋላዋ ወደ በሩ አየ፣ ተመልሶ ሪሞቱን አየ። «ቴሌቪዥኑስ?»

«ቴሌቪዥኑ ቤቱ ነው። የሚያዘው ይሄ አይደል እንዴ? አዛዡን አምጥቼልሃለሁ፤ ጠይቀው።»

ጦይብ ሳቁን ዋጠ። «ማለቴ… እሺ፣ በቃ፣ በእኔ ቲቪ ልክፈተው።» እዚያው ሱቁ ውስጥ ባለው ቴሌቪዥን የእሷን ብርቱካን ከፈተና ድራማውን አወጣ። «ከሥር የተዘረጋችውን ቀይ መስመር አዩአት? ክፍሉ እስከ የት እንደታየ የምትናገር ናት። ግማሽ ከደረሰች ግማሹ ታይቷል፤ ጫፍ ከደረሰች አልቋል።»

ከሪማ ያቺን ነገር ስንት ጊዜ አይታታለች። ጌጥ መስላት ነበር። «ክር ናት» አለች።

«ክር ይበሏት። አካውንቱ ደግሞ ሁለት ቤት ነው የሚከፈተው። እዚያኛው ቤት ሲያዩ እርስዎ ቤትም ክሯ ትሄዳለች። ሙስዐብ ራሱ ነው ፓስዋርዱን ከሰው ተቀብሎ የመጣው፤ አልነገረዎትም?»

«ከማን?»

ጦይብ አንገቱን ወደ ስክሪኑ አስግጎ አነበበ። «የሰብሊ ሳሎን፣ ይላል።»

ከሪማ ሪሞቷን ከባንኮኒው አንስታ ወደ ላስቲኩ መለሰች።

«ምነው እናቴ? ያውቋታል? ላስወጣት? አንድ ቁልፍ ነው።»

«እጅህን ሰብስብ» አለችው።

በሩ ጋ ስትደርስ ጠራት። «አንድ ነገር ግን ይወቁ። ይሄ አፕ የቴሌቪዥኑ የራሱ አይደለም፤ ከውጭ ያስገባነው ነው። ቴሌቪዥኑ ራሱን ያደሰ ቀን ያስወጣዋል። ያኔ ክሯም የለች።»

«እድሳት መጣ ብሎ ነባሩን ማስወጣት» አለች ከሪማ። «እሱንስ ለምደነዋል።»

ሰብሊ የገበያነሽ ልጅ ናት። ገበያነሽን ደግሞ ጎረቤት ብሎ ማለፍ ውሸት ይሆናል። ካዛንቺስ በነበሩ ጊዜ ሁለቱን ቤት የሚለየው አንድ የጭቃ ግድግዳ ነበር። ሰዓት እላፊ በነበረበት ዘመን፣ መሽቶ በር መክፈት ሲያስፈራ፣ ግድግዳውን በመሮ በስተው የሳህን ማሳለፊያ ቀዳዳ አበጁ። ሰዓት እላፊው ቀረ፤ ቀዳዳው አልተደፈነም። አንዷ እስላም አንዷ ክርስቲያን ናቸውና የሥጋ ድስታቸው ለየብቻ ነው፤ የሽሮና የምስሩ ድስት ግን የማን እንደሆነ ራሳቸውም ረስተውታል። ከሪማ የምስር ሳንቡሳ ስትጠብስ ሳህኑ በቀዳዳው ይሄዳል። ሲመለስ አንዲት ሳንቡሳ ሁልጊዜ ትቀመጥበታለች፤ የመጨረሻዋን መብላት ነውር ነዋ። ከሪማ መልሳ ትልካታለች። ገበያነሽ መልሳ ትልካታለች። መጨረሻዋ የድመት ሆድ ነው።

ድራማም አብረው ነበር የሚያዩት፣ ገበያነሽ ቤት። ገበያነሽ የሕፃን ለቅሶ አትችልም። ሁለተኛ ልጇን በኩፍኝ ከቀበረች ጀምሮ፣ ቴሌቪዥን ውስጥ እንኳ ሕፃን ሊያለቅስ አፉን ሲከፍት፣ ውሃ እንደጠማው ሰው ብድግ ብላ ወደ ጓዳ ትገባለች። ከሪማ ቁጭ ብላ ለቅሶውን ታያለች። ሲያበቃ ትጣራለች፤ «አለፈ፣ ነይ።» ገበያነሽ ባዶ ጣሳ ይዛ ትመለሳለች። ስለ ጣሳው አንድም ቀን ተነጋግረው አያውቁም።

ሰፈሩ ሲነሳ ገበያነሽ ከሆቴሎቹ ጀርባ፣ ሳይነካ በቀረው የካዛንቺስ ጫፍ፣ ሰብሊ ቤት ገባች። የወጣችው ጎህ ሲቀድ፣ ከሪማ ሳትነቃ ነው። ደህና ሁኚ አላለችም። ከሪማ ተነስታ በቀዳዳው ብታይ ማዶው ባዶ ቤት ሆኗል። «አርባ ዓመት አብሮኝ ኖሮ እንደ ተከራይ ውልቅ ያለ ሰው፣ ራሱ ይደውል» አለች። ገበያነሽ አልደወለችም። ይኸው ስምንት ወር። ከላንቻ ካዛንቺስ አሮጊት ቀስ ብላ በእግሯ የምትደርስበት መንገድ ነው። ኩራት ግን ከዚህም ያጠረ መንገድ ሲዘጋ ታይቷል።

ከለገሃር እንደተመለሰች ሻርፗን ሳታወልቅ ብርቱካኑን ተጫነች። ድራማውን ቆም ስታደርገው ክሯ ከስክሪኑ ግርጌ ተዘረጋች። ከሪማ ተጠግታ በአውራ ጣቷ እየነካካች ለካቻት። አሥራ አንድ ጣት። ገበያነሽ እስከዚህ ድረስ አይታለች። እንግዲህ ዓይኗ ደህና ነው። የቆየው ራስ ምታቷም ሳይተዋት አልቀረም፤ ራሷን ሲያማት ሁለት ጣት እንኳ አትጨርስም።

ከዚያ ቀን ወዲህ ከሪማ አዲስ ሥራ ያዘች። ጠዋት ክሯን ትለካለች። የሷን ድርሻ ታያለች። አይታ ስትጨርስ የኋላውን ቁልፍ እየተጫነች ክሯን ገበያነሽ የተወችበት ጣት ላይ መልሳ ታስቀምጣለች። የሰው ምልክት አይነሳም። ደግሞም ሳትጠራ ገበያነሽ ቤት እየገባች መሆኑ እንዲታወቅባት አልፈለገችም።

«እማዬ» አለ ሙስዐብ አንድ ማታ፣ «ስክሪኑ ላይ ይሄ ሁሉ የጣት አሻራ ምንድን ነው?»

«ስለካ ነው።»

«ምኑን?»

«አንተ የሰው ፓስዋርድ ይዘህ ስትመጣ ያጠርክበትን።»

ሙስዐብ ካልሲውን ግማሽ አውልቆ ቆመ። «ሰብሊ ናት የሰጠችኝ። በቃ፣ ማለቴ፣ እናንተ ካልተነጋገራችሁ እኛም እንዳንነጋገር ነው እንዴ?»

«ገበያነሽ ታውቃለች?»

«አታውቅም።»

«እንግዲያው አፍህን ያዝ» አለችው፤ እራቱን ግን ጨምራ አቀረበችለት።

በሁለተኛው ሳምንት ክሯ ቆመች። አንድ ቀን፣ ሁለት ቀን፣ ሦስት ቀን፣ አራተኛው ጣት ላይ ተገትራ ቀረች። ከሪማ የራሷንም ድርሻ ማየት ተወች። መጀመሪያ «እንግዳ መጥቶባት ይሆናል» አለች። ቀጥላ «ታማ ይሆናል» አለች። የሦስተኛውን ግምት ጀምራ አልጨረሰችውም። ሙስዐብን ደውልና ጠይቅ እንዳትለው፣ ራሱ ይደውል ብላ የተናገረች እሷ ናት። ስልኩን አንስታ አየችው፤ ገልብጣ አስቀመጠችው።

በሦስተኛው ቀን እስቲ ምን ላይ ነው ያቆመችው ብላ የመሐሉን ቁልፍ ተጫነች። ታላቂቱ እህት በር ላይ ቆማለች። አልጋው ውስጥ ያለው ጨቅላ ፊቱን ኮስተር አድርጎ፣ አፉን ሊከፍት ነው።

ከሪማ ሳቀች። ወዲያው ግን ሪሞቱን አስቀመጠች። ያቺ ሴት ሦስት ቀን ሙሉ ጣሳዋን ይዛ ጓዳ ቆማለች፤ የሚጠራት ሰው አጥታ።

ሕፃኑ አለቀሰ። ረጅም ለቅሶ ነው፤ የእነዚህ ድራማዎች ሕፃን በቀላሉ ዝም አይልም። ከሪማ እጇን ጭኗ ላይ አጣምራ፣ እንደ ድሮው፣ ለሁለት ሰው አየችው። ጨቅላው ጡት ይዞ ዝም ባለበት ቦታ ላይ አቆመች። ክሯን ለካች፤ ስድስት ጣት። ወደ ኋላ መመለሻውን ቁልፍ ልትጫን ጣቷን ሰደደችና ሰበሰበችው። ክሯን እዚያው ተወቻት።

ያን ቀን ቴሌቪዥኑን ደግማ አልከፈተችም። ልብስ አጠበች፣ የታጠበውን ደግማ አጠበች። በማግስቱ ጠዋት ስትከፍተው ያ ክፍል አልቋል፤ የሚቀጥለውም ሦስት ጣት ሄዷል።

ገበያነሽ አወቀች። በዚህ ከተማ ውስጥ የሕፃን ለቅሶ አሳልፎ የሚያቆምላት ሌላ ሰው እንደሌለ ከሷ የተሻለ የሚያውቅ የለም። ከዚያ በኋላ መደበቅ ቀረ። ገበያነሽ ጨቅላው ሊነቃ ሲል ታቆማለች፤ ከሪማ ለቅሶውን አሳልፋ ትተውላታለች። ከሪማ አማትየዋ የምትረገምበትን ቦታ ስታገኝ እዚያው ላይ ታቆማለች፣ ገበያነሽም እንድትረግማት። አንድ ጊዜ ሠርጉን ገበያነሽ ሁለቴ እንዳየችው ክሯ ወደ ኋላ መመለሷ ነገራት። ሠርግ ትወዳለች፤ ድሮም እንደዚያ ናት። ስልክ ግን አንዳቸውም አላነሱም።

እንዲህ እንዲህ እያሉ የመጨረሻው ክፍል ላይ ደረሱ። ሙስዐብ አንብቦ ነገራት፤ ከዚህ ወዲያ የለም። ከሪማ ከፈተችውና ክሯን ፈለገች። ክር የለም። ገበያነሽ አልጀመረችውም። ትጀምር ብላ ጠበቀች። በማግስቱም የለም። በሦስተኛው ቀን አንድ ጣት ያህል አየችና ክሯን እዚያው ትታ ሱቅ ወረደች። ስትመለስ ክሯ የለችም። ተመልሳ ዜሮ ገብታለች።

«ሳንቡሳዋ መጣች» አለች ከሪማ፣ ቤቱ ውስጥ ሰው እንዳለ ሁሉ።

መልሳ ላከቻት፤ አንድ ጣት። ማታ ሲሆን ተመልሳ መጣች። መጨረሻውን ብቻውን የሚበላ የለም።

እንዲህ ሲጫወቱ ረቡዕ ማታ ሙስዐብ ጫማውን እያወለቀ «ጦይብ ደውሎ ነበር» አለ። «ዓርብ ቴሌቪዥኖቹ ይታደሳሉ ነው የሚለው። አፑ ከዚያ ወዲያ አይሠራም፣ ሌላም ገና አልተገኘለትም። የቀረሽ ነገር ካለ ነገ እዪው።»

ከሪማ ምስሩን ልትዘፈዝፍ ተነሳች። ቀዳዳው ሊደፈን ነው። ዓርብ ሲደፈን ማዶ ማን እንዳለ፣ ዓይኗ ደህና ይሁን አይሁን፣ ራሷን ይመማት አይመማት፣ የምታውቅበት የለም። ገበያነሽ አፍራ አትደውልም፣ እሷ ኰርታ አትደውልም፣ ከሁለት አንዳቸው ሲሞቱ ለቀብር ይገናኛሉ። ከሪማ የተናገረችውን የምታጥፍ ሴት አይደለችም። ነገሩን አገላብጣ አየችው። ያለችው «ይደውል» ነው። «አልሄድም» ያለች ጊዜ የለም።

ሐሙስ ጠዋት ሳንቡሳውን ጠብሳ በሳህን አድርጋ በፎጣ ቋጠረች። ካዛንቺስ ከታክሲ ስትወርድ አገሩ ጠፋት። ቤታቸው የነበረበት ቦታ ሰፊ መንገድና ሣር ሆኗል፤ ከተደረደሩት የመብራት ምሰሶዎች የትኛው የሷ መኝታ ቤት ላይ እንደቆመ ልትለይ ሞክራ አልሆነላትም። «አምሮበታል» አለች፤ እውነቱን መናገር ነው። ሙስዐብ እንደነገራት ከሆቴሎቹ ጀርባ ዞራ፣ አረንጓዴውን በር አንኳኳች።

ገበያነሽ ሪሞት በእጇ ይዛ ከፈተች። ከስታለች። 

«አልጀመርሽውም?» አለች ገበያነሽ።

«አንቺስ?»

«እኔማ አንቺን ስጠብቅ።»

«ጅል ነሽ።»

«ግቢ።»

አንገት ለአንገት ተያይዘው ቆዩ፤ ሳህኑ መሐላቸው ተጣብቆ ሳንቡሳው ሊፈርጥ ምንም አልቀረው። ከሪማ ቀድማ ለቀቀች።

«እንደ ሌባ ጎህ ሲቀድ ወጣሽ» አለች፣ ገና ሳትቀመጥ።

«ወጣሁ።»

«ደህና ሁኚ ማለት አፍ ያቆስላል?»

ገበያነሽ የነጠላዋን ጫፍ ጣቷ ላይ ጠመጠመች። «በቀዳዳው አየሁሽ። ተኝተሻል፣ አፍሽን ከፍተሽ። ልቀሰቅስሽ እጄን እስከ ክንዴ ሰድጄ ነበር። ብትነቂ አልሄድም፤ መኪናው ደግሞ ተጭኖ ቆሟል። በኋላ በምን አፌ ልደውል? አንድ ቀን ያደረ ነገር ሁለት ቀን ሲያድር፣ ስምንት ወር ሲያድር…» አልጨረሰችውም።

ከሪማ ፎጣውን ፈታች። ሳህኑን ጠረጴዛው ላይ አኖረች። ብዙ የምትለው ነገር ይዛ ነበር የመጣችው፤ ታክሲ ውስጥ ሁሉ ስትለማመደው ነበር።

«አፌን ከፍቼ አልተኛም» አለች።

«ታንኮራፊያለሽም።»

ተቀመጡ። ገበያነሽ ብርቱካኑን ተጫነች። የመጨረሻው ክፍል እንደ መጨረሻ ክፍል ሁሉ ነው፤ የጠፋው ይገኛል፣ የካደው ያምናል፣ አማትየዋ እንኳ ደግ ሆና ቁጭ። ሁለቱም በደግነቷ አላመኑም። መሐል ላይ ጨቅላው ነቃ። ገበያነሽ ብድግ አለች፤ ሰብሊ ቤት ጣሳ የለም፣ ብርጭቆ ይዛ ወደ ኩሽና ገባች። ከሪማ እጇን አጣምራ ለቅሶውን አየችው። ሐኪም መጣ፣ እናት መጣች፣ ዝም አለ።

«አለፈ፣ ነይ።»

ገበያነሽ ባዶ ብርጭቆዋን ይዛ መጥታ ካጠገቧ ተቀመጠች፣ ከቅድሙ ይልቅ ተጠግታ።

ክሯ ጫፍ ልትደርስ አንድ ጣት ሲቀራት፣ እህትማማቾቹ ባሕር ዳርቻ ላይ ፊት ለፊት እየተራመዱ ሳሉ፣ ገበያነሽ ቁልፉን ተጫነች። ሥዕሉ ቆመ። ሳህኑ ላይ አንዲት ሳንቡሳ ቀርታለች።

«የቀረውን ነገ» አለች።

ከሪማ ነገ ምን ቀን እንደሆነ ታውቃለች። የገበያነሽን ፊት አየች። እሷም ታውቃለች፤ ሰብሊ ሳትነግራት አልቀረችም። ከሪማ ፎጣዋን አጣጠፈች። «እሺ፣ ነገ።»

ዓርብ ጠዋት ሙስዐብ ከሥራ በፊት ቴሌቪዥኑን ከፍቶ ብርቱካኑን ፈለገ። የለም። ወደ ኩሽና ብቅ ሲል እናቱ ሻርፗን አስራ፣ ዘይቱን ጥዳ ቆማለች።

«እማዬ፣ አፑ እኮ ተዘጋ። የት ልትሄጂ ነው?»

«ካዛንቺስ።»

«ምን ልታዩ?»

«የተዘጋው እሱ ነው፤ እኛ ተዘጋን?» አለች። «እህትማማቾቹ ባሕሩ ዳር ደርሰው ምን እንደሚባባሉ እኔ እነግራታለሁ፤ እሷ ደግሞ አይደለም ትለኛለች። ዞር በል፣ ዘይት ይፈናጠርብሃል።»

ዓርብ የገበያነሽ ጾም ነው፤ ምስር ይሆናታል። ከሪማ ሳንቡሳዎቹን እያወጣች ሳህኑ ላይ ደረደረች። ሲያልቅ ቆጠረቻቸው። ስምንት ሆኑ። ቆም ብላ አሰበችና የቀረውን ምስር ጠቅልላ አንዲት ጨመረች፤ ለሁለት ሲካፈሉ አንዷ እንድትተርፍ።